የታችኛውን ማሳ ለልጄ ልልቀቅለት?

ባለሞፈር፦

ሰላም ለዚህ ቤት። ገበሬ ነኝ፤ አባቴም ገበሬ ነበሩ። ጥያቄዬ ስለ መሬት ነው፣ ስለ ልጄም ነው። ሁለቱን ለያይቼ ለመጻፍ ፈልጌ አልሆነልኝም፤ እንደመጣልኝ ልጻፈው።

የበኩር ልጄ 19 ዓመቱ ነው። ቁመቱ ለእርፍ ሳይደርስ ጀምሮ በትልሙ ውስጥ እየተከተለኝ ነው ያደገው። መጀመሪያ በሬ ነዳልኝ፣ ቀጥሎ ጓል ፈረከሰ፣ ከዚያ ዘር አቀበለ፤ ክንዱ ሲጠና እርፉን ያዘ። ዛሬ ጠዋት ጠዋት እኔ ከቤት ስወጣ እሱ ቀንበሩን ጭኖ፣ ማነቆውን አስገብቶ፣ ምራኑን አጥብቆ ይጠብቀኛል። ቡሬ የሚባለው በሬያችን በግራ ከተጠመደ ትልም እንደሚያጣምም ማንም አልነገረውም። አይቶ ነው ያወቀው። አንድ ቀን ምንም ሳይለኝ ወደ ቀኝ አዛወረው፤ ትልሙ ቀና።

እኔና እሱ ቤት ውስጥ ብዙ አናወራም። እናቱ ትጠይቀዋለች፣ እሱ ይመልሳል፣ እኔ እሰማለሁ። ማሳ ላይ ስንገባ ግን ወሬያችን አያልቅም። ወሬው ሁሉ ስለ ሥራው ነው፤ ይሄ አፈር ደርሷል፣ ያኛው ገና ነው፣ ይሄ አረም ካሁኑ ካልተነቀለ ዘሩን ያረግፍብናል፣ ያቺ ጊደር ታነክሳለች። ለሌላ ሰው ተራ ወሬ ነው። እኔ ግን ልጄ ምን እንደሚያስብ፣ ምን እንደሚያሳስበው፣ ምን ደስ እንደሚለው የማውቀው በዚህ ወሬ ውስጥ ነው።

አፈር መድረሱ የሚታወቅበትን መንገድ ያሳዩኝ አባቴ ናቸው። ከአንድ ስንዝር ጥልቀት አፈር ያወጡና ጨበጥ አድርገው፣ መዳፋቸውን ዘርግተው በአውራ ጣት ገፋ ያደርጉታል። ጭብጡ ከተፈረካከሰ በሬ ይጠመዳል። ተጣብቆ ከቀረና ጣት ላይ ከለጠፈ ይጠበቃል፤ እንዲያ ረጥቦ የታረሰ መሬት ሲደርቅ ጓሉ በምንም አይሰበርም፣ ዘሩም በወጉ አይበቅልበትም። እኔም ለልጄ እንዲሁ አሳየሁት። አሁን ማሳው ዳር ስንደርስ ቀድሞ የሚያጎነብሰው እሱ ነው። "አባዬ፣ ገና ነው" ሲለኝ ራሴ ሳልጨብጥ አምነዋለሁ።

ባለፈው የምርት ዘመን ደግሞ ስንዴው ገና ዛላ ሳያወጣ መሀል ማሳ ድረስ ገብቶ ቅጠል በጥሶ አመጣልኝ። ቅጠሉ ላይ ቢጫ ዱቄት በመስመር በመስመር ተደርድሯል። ጣቱን ሲያሳየኝ ቢጫው ጣቱ ላይ ቀርቷል። ቢጫ ዋግ ነበር። ከዳር ሆኖ ለሚያየው ማሳው አረንጓዴ ነው፤ እሱ ግን ከታች ያሉትን ቅጠሎች እያገላበጠ ነበር የሚሄደው። በጊዜ ደርሰንበት አብዛኛውን አዳንነው። ያን ቀን የተሰማኝን ኩራት ለማንም አልተናገርኩም።

አሁን ወደ ጉዳዩ ልምጣ። የታችኛው ማሳችን ጥቁር መረሬ ነው። ዝናቡ ሲበረታ ውሃ ይተኛበታል፤ ስለዚህ ውሃው እስኪሸሽ ጠብቀን፣ ዘግይተን ስንዴ እንዘራበታለን። ብዙ ምርት አይሰጥም፤ ግን ጨርሶ ከልክሎን አያውቅም። ዝናብ ባጠረበት ዓመት የላይኛው ማሳ ሲደርቅ እርጥበቱን ይዞ ቆይቶ ቤቱን ያወጣው እሱ ነው።

ልጄ ይህንን ማሳ ጠየቀኝ። ነዶ ተሸክመን ወደ አውድማ እየሄድን ነበር። እሱ ከፊት፣ እኔ ከኋላ፤ ፊቱን አላየሁትም። ምናልባት ሆን ብሎ ያን ሰዓት መርጦ ይሆናል። "አባዬ፣ የታችኛውን ለእኔ ተውልኝ። መደብና ቦይ አውጥቼ ውሃውን አስወጣለሁ። ባቄላ እዘራበታለሁ፣ በሚቀጥለው ስንዴ እመልስበታለሁ። ከዘሩ እስከ ሽያጩ እኔ ልወስን። ቢከስርም የኔ ነው" አለኝ። እኔ "እናያለን" አልኩት።

ከዚያ ወዲህ ሥራውን አላጓደለም፤ እንዲያውም ከበፊቱ ይበረታል። ግን "አባዬ፣ ይሄስ?" ማለቱን ትቷል። ያልኩትን ይሠራል፣ ይጨርሳል፣ ቀጣዩን ይጠብቃል። ማሳ ላይ ያለው ወሬያችን እንደ ቤቱ ሆነ።

ያስፈራኝን ልናገር። ያ ማሳ ቢበላሽ በክፉ ዓመት የምንጠጋበት የለንም። ሁለተኛ፣ የመጀመሪያ ሥራው ካልተሳካለት እርሻን ጠልቶ እንዳይሄድብኝ። ሦስተኛ፣ የ13 ዓመት ታናሽ አለው፤ ነገ "ለትልቁ ሰጠኸው" እንዳይለኝ። ሌላም አለ፤ ለመጻፍ የከበደኝ እሱ ነው። ቢሳካለትስ? ያለ እኔ ከሆነለት እኔን ምን ብሎ ይፈልገኛል?

አባቴ እስኪያርፉ ድረስ ዘር የሚዘራበትን ቀን የሚቆርጡት እሳቸው ነበሩ። እኔ ሚስት አግብቼ፣ ልጅ ወልጄም "እንዝራ ወይ?" ብዬ እጠይቃቸው ነበር። በዚህ አልተከፋሁም። ካረፉ በኋላ በመጣው ዝናብ ግን ዘሩን በቁና ይዤ ማሳው ዳር ቆምኩ፤ እጄ ዘሩ ውስጥ ነው፣ እግሬ አልነቃነቅ አለ። አርሼ፣ ዘርቼ፣ አጭጄ ያደግኩ ሰው ነኝ፤ አንድም ቀን ግን ወስኜ አላውቅም ነበር። ልጄ እዚያ ቦታ ላይ እንዲቆም አልፈልግም።

እንግዲህ ሁለት ነገር ንገሩኝ። ውሃ በሚተኛበት መረሬ ላይ ባቄላ ያዋጣል? መሬት ለልጁ የለቀቀ አባት ካለ ደግሞ በምን አኳኋን እንደለቀቀ ይንገረኝ።

የድሮ ገበሬ፦

ወንድሜ ባለሞፈር፣ እኔ በዕድሜ ሳልበልጥህ አልቀርም፤ ሁለት ወንዶች ልጆች አሳድጌ ሁለቱም ዛሬ ገበሬዎች ናቸው። ስለ ባቄላው የሚያውቅ ይመልስልህ። እኔ ስለ ልጁ ልናገር።

በመጨረሻ ከጻፍከው ፍርሃት ልጀምር፤ የሌላው ሁሉ ሥር እሱ ነው። "ከሆነለት እኔን ምን ብሎ ይፈልገኛል" ብለሃል። በእኔ ቤት የሆነው የዚህ ተቃራኒ ነው። ለትልቁ ልጄ ከቤት በላይ ያለውን ቁራጭ መሬት ስለቅለት "እንግዲህ የራስህ ነው፣ እኔ አልገባም" አልኩት። ገብስ ዘራበት። እኔ ከምዘራው አሳስቶ ነው የዘራው። ጠዋት ጠዋት በዚያ በኩል አልፋለሁ፤ ቡቃያው ይታየኛል፤ መሀሉ የተራቆተ ቦታ አለ። አፌን ይዤ አለፍኩ። ቀላል እንዳይመስልህ፤ በሕይወቴ ከሠራሁት የእርሻ ሥራ ሁሉ የከበደኝ ያ ዝምታ ነው። ከዚያ ማታ በሬዎቹን ሲያስገባ ቆየና "አባባ፣ ሳሳ አይደል?" አለኝ። ተቀምጠን አወራን። ገብስ ሲሳሳ ከሥሩ ብዙ ቀንበጥ አውጥቶ ቦታውን ለመሙላት እንደሚሞክር፣ አረሙ ግን እንዳይቀድመው በጊዜ መነቀል እንዳለበት ነገርኩት። በማግስቱ ጎህ ሳይቀድ አረም ላይ ነበር።

ልብ በል፤ እኔ በምወስንበት ዘመን ይህ ልጅ ምንም ጠይቆኝ አያውቅም። ምን ብሎ ይጠይቀኛል? ቢያጠፋ ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ቢያለማ ልማቱ የእኔ ነው። መሬቱ በእጁ ሲገባ ግን ጥያቄው በዛ። የትኛው ዘር ነው ድርቅ የቻለልህ? አያቴ ይሄን ጎድጓዳ ለምን ነበር የማያርሱት? እኔ ራሴ የረሳሁትን እያስታወሰ ያስወራኝ ጀመር። ሰው የሚጠይቀው ለራሱ ሲያስፈልገው ነው።

ሁለተኛ ነገር። "እናያለን" ያልከውን ልጅህ "አይሆንም" ብሎ ነው የሰማው። አንተ እንዲያ ማለትህ እንዳልነበረ ይገባኛል፤ የአባት ቋንቋ ነው። ግን እሱ ዘር ማዘጋጀት አለበት፣ ቦይ ማውጣት አለበት፣ ገመሳውም፣ ማለትም የመጀመሪያው እርሻ፣ ሌላ ነው። ባቄላ ብሎ ካሰበ እርሻውን የሚጀምርበት ጊዜ አንተ ለስንዴ ከምትጀምርበት ይቀድማል። መልስህ እሺም ይሁን እንቢ ገመሳ ሳይጀመር ስጠው። የዘገየ እሺታ ለገበሬ አይረባም።

የምትሰጠው ከሆነ ደግሞ ውሳኔውን ከነሙሉነቱ ስጠው። መሬቱን ሰጥቶ ዘሩን የሚመርጥ፣ ዘሩን አስመርጦ ሽያጩን የሚይዝ አባት አይቻለሁ፤ ልጁ በዚያ መሬት ላይ የቀን ሠራተኛ ነው የሆነው። በሬዎቹን ግን ማን በየትኛው ቀን እንደሚጠምድ ቀድማችሁ ተነጋገሩ። መሬቱ ደርሶ ሁለታችሁም በአንድ ጠዋት በሬ የፈለጋችሁ ዕለት ነው ጠቡ የሚመጣው።

የሰብል ባለሙያ፦

እንደምን ዋሉ ባለሞፈር። ልጅዎ ያሰበው ነገር ደህና ነው፤ ዝርዝሩን ልጻፍልዎ።

ባቄላ ከሽምብራና ከምስር ይልቅ እርጥበት ይችላል። ይችላል ማለት ግን ውሃ ውስጥ ቆሞ ያድራል ማለት አይደለም። በመረሬ ላይ ሥሩ አየር ካጣ ይቢጫል፣ ይቀጭጫል። ስለዚህ መደብና ቦይ ማለቱ ትክክል ነው። በሬ በሚስበው ሰፊ መደብ ማውጫ የሚሠራው የተለመደው ልክ መደቡ 80 ሳንቲ ሜትር፣ ቦዩ 40 ሳንቲ ሜትር ነው። ቦዮቹ በማሳው ተዳፋት ቀስ ብለው እንዲወርዱ ይሁን፤ ቀጥ ብለው ከወረዱ አፈር ይዘው ይሄዳሉ። ከሁሉ በፊት ግን መውጫውን ይዩ። ቦዮቹ የሚሰበስቡት ውሃ ወዴት ነው የሚሄደው? ከታች ባለው ጎረቤት ማሳ ላይ ከሆነ ቀድሞ ከባለቤቱ ጋር መስማማትና የጋራ መውረጃ መቅደድ ያስፈልጋል። ብዙ ጥሩ ሥራ የተበላሸው እዚህ ላይ ነው።

ባቄላው ለሚከተለው ስንዴ የሚጠቅምበትን ምክንያት ልጅዎ ሳያውቀው አይቀርም። የባቄላ ሥር ላይ ትንንሽ እባጮች አሉ፤ በውስጣቸው ከአየር ናይትሮጅን የሚይዙ ባክቴሪያዎች ይኖራሉ። ይህን በሙከራ ያረጋገጡት ሄልሪገልና ዊልፋርት የተባሉ ጀርመናውያን ተመራማሪዎች ናቸው፤ ዘመኑም እ.ኤ.አ. 1888 ነው። ገበሬው ግን ጥራጥሬ የበቀለበት መሬት ለእህል እንደሚስማማ ከዚያ ብዙ ዘመን አስቀድሞ ያውቅ ነበር። ከረጢት ዩሪያ ገዝተው የሚያገኙት ነገር 46 በመቶው ናይትሮጅን ነው፤ ባቄላው ከዚያው ዓይነት ምግብ የተወሰነውን አፈሩ ላይ ትቶ ይሄዳል። በላዩ ላይ ደግሞ ስንዴ በስንዴ ላይ ሲደጋገም የሚበዙት የሥር በሽታዎችና ስንዴ መሳይ ሣሮች በመሀል ዕረፍት ይመጣባቸዋል።

እባጮቹ መሥራታቸውን አብራችሁ ማየት ትችላላችሁ። አበባ ማውጣት ሲጀምር አንድ ሁለት ተክል በአካፋ ከነአፈሩ አውጡ፤ አትጎትቱት፣ እባጮቹ ይቀራሉ። አፈሩን በውሃ አራግፉና እባጩን በጥፍር ሰንጥቁት። ውስጡ ሮዝ ወይም ቀይ ከሆነ እየሠራ ነው። ነጣ ወይም አረንጓዴ ካለ አልሠራም። ያኔ ለቀጣዩ ዘር ባክቴሪያውን በዱቄት መልክ ማግኘት ይቻላል፤ ጥላ ሥር ከዘሩ ጋር ለውሳችሁ ወዲያው መዝራት ነው፣ ፀሐይ ካገኘው ይሞታል።

የዘሩ መጠን። በመስመር ሲዘራ በመስመሮች መካከል 40፣ በተክሎች መካከል 10 ሳንቲ ሜትር የተለመደ ነው። በዚህ ልክ ቦይ የሌለው አንድ ሄክታር 250,000 ተክል ይይዛል፤ እናንተ ቦዩ የሚወስደውን ቦታ ቀንሳችሁ ታሰላላችሁ። የባቄላ ፍሬ ትልቁና ትንሹ ስለሚለያይ ኪሎውን ከእኔ አትጠብቁ። ከራሳችሁ ዘር 1,000 ፍሬ ቆጥራችሁ መዝኑ፤ ከዚያ ያለው ሂሳብ ነው። የ13 ዓመቱን ልጅ ለዚህ ሥራ አሰልፉት።

እሱን ካነሳሁ አንድ ነገር አደራ ልበል። ባቄላ በእርጥብ ወቅት ቅጠሉ ላይ ቡናማ ነጠብጣብ የሚያወጣ ቸኮሌት ስፖት የሚባል በሽታ ይይዘዋል። የአምናው የባቄላ ገለባ ካለበት ራቅ አድርጎ መዝራትና ውሃውን ማስወጣት ይቀንሰዋል፤ ሲብስ ግን መድኃኒት ይረጫል። ያኔ ታናሹ ልጅ በማሳው ዙሪያ አይኑር። ውሃም አያቀብል፣ መርጫውንም አይጠብ። የዓለም የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2001 ባወጣው የግብርና ደኅንነት ስምምነት፣ ቁጥር 184፣ ለአደገኛ የእርሻ ሥራ መነሻ ዕድሜው 18 ነው። ትልቁም ቢሆን ጓንት፣ ረጅም እጅጌና የአፍ መሸፈኛ ይኑረው፤ ነፋሱንም ከኋላው ያድርግ።

የመጀመሪያውን ፍርሃትዎን በተመለከተ፣ ማሳውን ለሁለት ቢከፍሉት ይሻላል እላለሁ። ግማሹ በልጅዎ መንገድ፣ ግማሹ በድሮው። ምርቱን ለየብቻ ትመዝናላችሁ፤ በክፉ ዓመትም ግማሹ ይተርፋል።

የድሮ ገበሬ፦

ባለሙያው ስለ ሰብሉ የጻፉትን ሁሉ እቀበላለሁ። ግማሹን ስጠው በሚለው ላይ ግን አልስማማም። ሐሳቡ ክፉ ሆኖ አይደለም። ከአባት አፍ ሲወጣ ግን "ግማሽ አምንሃለሁ" ሆኖ ይሰማል። ሙሉውን ስጠው፤ ለመክፈል ከፈለገ እሱ ራሱ ይክፈለው። አደጋን መመጠንም የገበሬ ሥራ ነው፣ ይማረው።

ታናሹ፦

ጋሼ፣ እኔ ስለ ሦስተኛው ፍርሃትዎ ነው የምጽፈው፤ ታናሽ ስለሆንኩ።

አባታችን ለታላቄ መሬት የሰጠው በቃል ነው። ስጦታ ይሁን፣ የጥቂት ዓመት ማረሻ ይሁን፣ ድርሻው ይሁን ማንም አልጠየቀም። እኔ ያኔ ልጅ ነኝ፤ የሰማሁት ከሌላ ሰው ነው። አባታችን ሲያርፍ ታላቄ "ሰጥቶኛል" አለ፣ እህቴ "አሳርሶት ነው እንጂ አልሰጠውም" አለች። ሁለቱም የሚናገሩት እውነት እንደሆነ አምናለሁ፤ አባታችን ለሁለቱም እንደየአመላቸው ነግሯቸው ይሆናል። ዛሬ ሰላምታ አላቸው፣ አብረው ግን አይቀመጡም።

ስለዚህ ትልቁን ሲጠሩት ታናሹንም፣ እናትየዋንም አብረው ይጥሯቸው። ምን እየሰጡ እንደሆነ ስሙን ይጥሩት፤ "ለዚህን ያህል ምርት ዘመን ውሳኔውና ምርቱ የእሱ ነው፣ መሬቱ ግን የቤተሰቡ ነው" ወይም ሌላ። በወረቀት ይስፈር፤ ልጅዎ እንዳልታመነ አይቆጥረው። ታናሹም ተራው ሲደርስ ምን እንደሚጠብቀው ያን ዕለት ይስማ። የ13 ዓመት ልጅ ብዙ ይገባዋል፤ እኔ ይገባኝ ነበር።

ይሄ የእርስዎ ቤት ጉዳይ ብቻ አይደለም። የተባበሩት መንግሥታት እ.ኤ.አ. ከ2019 እስከ 2028 ያለውን ጊዜ የቤተሰብ እርሻ አስርት ዓመታት ብሎ ሲሰይም፣ ከያዛቸው ዋና ዓላማዎች አንዱ ወጣቱን መደገፍና እርሻው ከትውልድ ወደ ትውልድ እንዲሻገር ማድረግ ነው። በየአገሩ አርሶ አደሩ እያረጀ ልጁ እየሄደ ስለሆነ ነው። የእርስዎ ልጅ "ልሂድ" አላለም፤ "ልሥራበት" ነው ያለው።

የልጆች እናት፦

ስለ ዋጉ የጻፍከውን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ይህን ልጅህ አያውቅም አይደል? ጠርተህ ንግግር አድርግለት አልልህም፤ አንተም አትችልበትም፣ እሱም ይሸማቀቃል። ሰው ባለበት ግን ተናገርለት። ጎረቤት "ስንዴህ እንዴት ተረፈ?" ሲልህ "ልጄ ነው ቀድሞ ያየው" በል፤ እሱ እየሰማ። ከዚያ ወሬውን ቀይር። ባለቤቴ ለልጃችን እንዲህ ያደረገ ዕለት ልጁ ማታ እንቅልፍ አልወሰደውም፤ እኔ ነኝ ያየሁት።

ባለሞፈር፦

እግዜር ይስጣችሁ። አንድ ሰው ይመልስልኛል ብዬ ነበር፤ ቤት ሙሉ ሰው ነው የመከረኝ።

ጋሼ፣ እርስዎ እንዳሉት ገመሳ ሳይጀመር መልስ ሰጠሁት። ታናሹን፣ እህቱንና እናታቸውንም ጠራኋቸው። "የታችኛው ማሳ ለሦስት ምርት የአንተ ነው፤ ዘሩንም ሽያጩንም አንተ ትወስናለህ። መሬቱ የሁላችን ነው። ከዚያ በኋላ እንደገና እንቀመጣለን፤ ታናሽህም ያኔ ይደርሳል" አልኩ። እናቱ ጻፈችው፤ ከእኔ ይልቅ የእሷ ጽሕፈት ይነበባል። ሁላችንም ፈረምን። ታናሹ ሲፈርም ስሙን ከነአባቱ፣ ከነአያቱ ነው የጻፈው።

ልጄ ዝም ብሎ ቆየና ተነስቶ ደብተር አመጣ። ለካ ሁሉንም ጽፎት ኖሯል። የቦዩ አቅጣጫ በእርሳስ ተሥሏል፤ መውጫው የት እንደሆነም አለ። የሚወጣው ወደ ጎረቤታችን ሳይሆን በወሰናችን ዳር ወደ ወንዙ ነው፤ አስቀድሞ እየረገጠ ለክቶታል። ቀጥሎ ደግሞ እኔ አንድም ቃል ሳልናገር "ከላይ በኩል ያለው ሲሶ በስንዴ ይቆይ። ዓመቱ ቢከፋ እንዳትቸገሩ" አለ። ጋሼ፣ እርስዎና ባለሙያው የተከራከራችሁበትን ነገር በራሱ ጨርሶት ነበር። የፈራሁትን አንድም ቀን ነግሬው አላውቅም፤ ከየት እንዳወቀው አልጠየቅኩትም።

ዘሩን ታናሹ አሥር አሥር እየደረደረ ሺህ ቆጠረ። ሚዛን ተውሰን መዘንነው፤ 580 ግራም ሆነ። ቦይ በሌለበት ለሄክታር 145 ኪሎ መሆኑ ነው፤ ከዚያ የቦዩን እየቀነሱ፣ ለማይበቅለው ፍሬ ጥቂት እየጨመሩ ወንድማማቾቹ ተከራከሩ። እኔ አልገባሁም። የልጆች እናት፣ የአንቺንም ምክር አልረሳሁትም፤ ጎረቤታችን በሬ ሊያውሰኝ መጥቶ ስለ ስንዴው አነሳ፤ እንዳልሽው አደረግኩ።

አሁን ልጄ "አባዬ፣ እነዚያን ሰዎች ጠይቅልኝ" ያለኝ አለ። መደቡ የሚወጣው ከዘር በፊት ነው ወይስ በኋላ? መደብ ማውጫውን የምንዋሰው ለጥቂት ቀን ስለሆነ ቀድሞ ማወቅ ይፈልጋል።

የሰብል ባለሙያ፦

በመስመር የሚዘራ ከሆነ መጀመሪያ መደቡን ያውጣ፤ ከዚያ መደቡ ላይ መስመር ይዞ ከ5 እስከ 8 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት ይዝራ። በብተና ከሆነ ግን ዘሩ ቀድሞ ይበተናል፤ መደብ ማውጫው አፈሩን ከቦዩ ወደ መደቡ ሲያነሳ ዘሩን ያለብሰዋል። መስመሩ ለአረም ይቀላል፣ ብተናው ለጉልበት። በሁለቱም መሬቱ በደንብ መለስለስ አለበት፤ ጓል በበዛበት መደብ ማውጫው ይዘላል። ውሃው ስለሚወጣለት ደግሞ እንደ ድሮው ዝናቡ እስኪሸሽ አይጠብቅ፤ ዝናቡ ከገባና አፈሩ ከደረሰ በጊዜ ይዝራ። አፈሩ መድረሱን እንዴት እንደሚያውቅ ከእኔ መማር አያስፈልገውም።